የዜማው ርስት የማን ነው? ከጋይንት ድጓ ቤት እስከ ኮሪያ ሲኒማ

አለቃ ገብረ ሐና ያልተናገሩትን ቀልድ ሁሉ ተሸክመው የሚኖሩ ሰው ናቸው። አባት የጠፋበት ጨዋታ ሁሉ በመጨረሻ የሚጣለው እሳቸው ደጅ ላይ ነው፤ «አለቃ ገብረ ሐና እንዳሉት» ይባልና ነገሩ ይቋጫል። ከአፄ ቴዎድሮስ እስከ አፄ ምኒልክ ዘመን የኖሩት እኚህ የፎገራ ሊቅ፣ በእርግጥ የእሳቸው ነው የሚባለው ትልቁ ሥራ ግን በስማቸው አይጠራም። በደብረ ታቦር ካህናቱ መቋሚያቸውን ይዘው ግራና ቀኝ እንደ ማዕበል እየተወዛወዙ የሚዘምሙበት ስልት የገብረ ሐና ዝማሜ አይባልም። የተክሌ ዝማሜ ነው የሚባለው። ተክሌ ልጃቸው ናቸው።

ትውፊቱ እንዲህ ይላል። አለቃ በጣና ላይ፣ በሬማ መድኃኔ ዓለም ተቀምጠው ሳለ የሐይቁን ሞገድና በዳሩ የቆመውን ደንገል በነፋስ ሲወዛወዝ አዩ። ያንን እንቅስቃሴ ወስደው በነባሩ አቋቋም ላይ አዲስ የመቋሚያና የአካል ስልት አወጡ፤ ለልጃቸውም አስተማሩት። የጎንደር ሊቃውንት ግን አዲስ ነገር ነው ብለው ፊታቸውን አዞሩበት። ልጅየው ከአባታቸው የተማሩትን ይዘው ደብረ ታቦር ገቡ፤ የበጌምድሩ ገዥ ራስ ጉግሣ ወሌም፣ በ1922 ዓ.ም. አንቺም ላይ የወደቁት ማለት ነው፣ ደገፏቸው ይባላል። ስልቱ ሥር ሰደደ፤ ስሙም በዚያው ተተከለ።

ይህን ታሪክ ለተማሪዎቼ ስነግራቸው ሁልጊዜ አንድ ጥያቄ ይነሣል፤ «ታዲያ ልጁ የአባቱን ሥራ ወሰደ ማለት ነው?» ይሉኛል። ጥያቄው የዘመኑ ነው። ዛሬ ያደገ ሰው የፈጠራ ሥራ ሁሉ እንደ ቤት ካርታ በአንድ ሰው ስም የተመዘገበ መሆን አለበት ብሎ ያስባል። መልሴ አይደለም ነው። ሆኖም «አይደለም» ብሎ ማለፍ አይበቃም፤ ከጥያቄው በስተጀርባ ሌላ፣ የሚከብድ ጥያቄ ተደብቋልና። ጥበበኛ ሲያረጅ ጥበቡ የማን ይሆናል? እሱ ራሱስ በምን ይኖራል? የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ ይኸው ነው። በተለይ የምመለከተውም የጉናን ተራራ ታክኮ ወደ ምሥራቅና ወደ ደቡብ የተዘረጋውን አገር፣ ጋይንትን፣ ስማዳንና እስቴን ነው። ከዚያ በፊት ግን አንባቢዬን ወደ ሩቅ አገር ልውሰድ፤ በእኔ ግምት ይህን ጥያቄ በዘመናችን ሳያፍሩ ያፍረጠረጡት የኮሪያ የፊልም ሰዎች ናቸውና።

ለአባቶቻችን ኮሪያ ማለት ከ1943 ዓ.ም. ጀምሮ የቃኘው ሻለቃ የዘመተበት የጦር ሜዳ ነበር። ለልጆቻችን ደግሞ የተከታታይ ድራማና የሙዚቃ አገር ናት። በሁለቱ መካከል ግን አብዛኛው ሰው ያላያቸው ፊልሞች አሉ። ከእነዚህ አንዱ ዳይሬክተሩ ኢም ክዎንቴክ እ.ኤ.አ. በ1993 ያወጡት «ሶፕዮንጄ» ነው። ፓንሶሪ የሚባል ጥንታዊ የኮሪያ ዜማ አለ፤ አንድ ዘፋኝ ከአንድ ከበሮ መቺ ጋር ብቻ ሆኖ ረጅም ታሪክ በዜማ የሚተርክበት፣ አንዳንዱም ለሰዓታት የሚዘልቅ ጥበብ ነው። ፊልሙ የሚተርከው ከአገር አገር እየዞረ ስለሚያዜም፣ ዘመን ስለጣለው አንድ ዘፋኝና ስለሚያሳድጋቸው ሁለት ልጆች ነው። ወንዱ ልጅ ድህነቱንና የአሳዳጊውን ክፋት መሸከም አቅቶት ይኮበልላል። ሴቲቱ ትቀራለች። አባትየው እሷም እንዳትሄድበት፣ ደግሞም ድምጿ የኀዘንን ጥልቀት እንዲያገኝ ብሎ በመድኃኒት ዓይኗን ያጠፋዋል።

ይህ ፊልም በሴኡል ከተማ ብቻ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ተመልካች ያየው የመጀመሪያው የኮሪያ ፊልም ሆነ። ሕዝቡ ምን አየበት? የራሱን ጥያቄ ይመስለኛል። አገሪቱ በፋብሪካና በመኪና ስትመነጠቅ ትታው የሄደችው ሽማግሌ አለ፤ ያ ሽማግሌ ጥበቡን ለማትረፍ ምን ያህል ጨካኝ ሊሆን ይችላል? ወራሹ የመሄድ መብት አለው ወይስ የለውም? በነገራችን ላይ ልጅቱን ሆና የተወነችው ኦ ጆንግሄ ተራ ተዋናይት አልነበረችም፤ የታላቋ የፓንሶሪ ሊቅ የኪም ሶሂ ደቀ መዝሙር ነበረች። ካሜራው ፊት የቆመችው ወራሽ በእውንም ወራሽ ነበረች።

ጥያቄው ከዚያ በኋላም አልቆመም። እ.ኤ.አ. በ2012 የወጣው «ኡንግዮ» ከ70 ዓመት አካባቢ ስላለ አንድ ገጣሚና ስለ ደቀ መዝሙሩ ነው። ደቀ መዝሙሩ ታዋቂ ደራሲ ያደረገውን መጽሐፍ የጻፉለት መምህሩ ናቸው፤ በፈቃዳቸው። በኋላ ግን በሣጥን የተቆለፈውን የሽማግሌውን የግል ድርሰት ሰርቆ በራሱ ስም ያሳትማል። የመጀመሪያው ስጦታ ነበር፤ ሁለተኛው ስርቆት ሆነ፤ ድንበሩ የት ላይ እንደነበር ሁለቱም አያውቁም። የሚገርመው ሽማግሌውን ሆኖ የተጫወተው በሠላሳዎቹ ዕድሜ ውስጥ የነበረ ተዋናይ ነው፤ በሜካፕ አርጅቶ። እርጅናን የሚመለከት ፊልም ሲሠራ እንኳ ቦታው ለአረጋውያን ተዋንያን አልተረፈም። ከሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ሊ ቻንግዶንግ «ግጥም» በሚለው ፊልማቸው ሌላ መንገድ ይዘው ነበር። የመርሳት በሽታ የጀመራት የ66 ዓመት ሴት ግጥም መጻፍ ልትማር ትነሣለች፤ ቃላት እየከዷት ቃላት ትፈልጋለች። ፊልሙ በካን የምርጥ ስክሪፕት ሽልማት አገኘ። ዋናዋ ተዋናይት ዩን ጆንግሂ ከረጅም ዕረፍት በኋላ ለዚህ ሚና የተመለሱ አንጋፋ ነበሩ፤ ኋላ ራሳቸው በዚያው በሽታ ተይዘው እ.ኤ.አ. በጥር 2023 ፓሪስ ላይ አረፉ።

ኮሪያውያን ግን ጉዳዩን ለፊልም ብቻ አልተዉትም። እ.ኤ.አ. በ1962 የባህል ቅርስ ጥበቃ ሕግ አወጡ። ፓንሶሪም በ1964 በሀገር ቅርስነት ተመዘገበ። በዚህ ሕግ ቅርስ የሚባለው ድንጋይና ሕንፃ ብቻ አይደለም፤ ጥበቡን በገላው የያዘ ሰውም ነው። ሕዝቡ «ሰው የሆነ ቅርስ» ይላቸዋል። ሕጉ የሚጠቀምበት ቃል ግን ይበልጥ ልብ ሊባል ይገባል፤ «ባለቤት» አይላቸውም፤ «ያዥ» ነው የሚላቸው። ያዡ በየወሩ አበል ይቆረጥለታል፤ በምላሹ ማስተማር ግዴታው ነው። አርጅቶ ማስተማር ሲያቅተው ደግሞ የክብር ያዥ ይባላል እንጂ ከመዝገብ አይፋቅም። በእኛ ቋንቋ ብናስቀምጠው ጥበቡ ርስት ሳይሆን አደራ ነው፤ አደራ ጠባቂው ግን ጦሙን አያድርም።

እንግዲህ ወደ አገራችን እንመለስ። ከወረታ በደብረ ታቦር አድርጎ ወደ ወልድያ የሚዘልቀውን መንገድ የተጓዘ ሰው ነፋስ መውጫን ያውቃታል፤ ስሟ አይዋሽም። ከዚያ ከመንገዱ ወጣ ብሎ በጋይንት ምድር ቤተልሔም አለች። ቶማስ ፓከንሃም የተባለ ወጣት እንግሊዛዊ ከኦክስፎርድ እንደወጣ በ1940ዎቹ መጨረሻ በእኛ አቆጣጠር ወደዚህ መጥቶ ነበር። ከውጭ ሲያዩት ማንኛውም የገጠር ቤተ ክርስቲያን የሚመስለውን ክብ የሣር ጣሪያ አልፎ ሲገባ፣ በውስጡ በጥንታዊ ስልት የታነጸ ባለ አራት ማዕዘን ቤተ ክርስቲያን ተደብቆ አገኘ። እ.ኤ.አ. በ1959 ባሳተመው የጉዞ መጽሐፉም ግኝት አድርጎ ጻፈው። ለኪነ ሕንፃ ታሪክ ያደረገውን አስተዋጽኦ አላናንቅም። ነገር ግን «የተገኘችው» ቤተልሔም ከየጠቅላይ ግዛቱ ተማሪ በእግሩ የሚጎርፍባት፣ በዜማ ትምህርት ዓለም ስሟን የማያውቅ ደብተራ የሌለባት ቦታ ነበረች። እኛ በግድግዳው ስንደነቅ፣ ግድግዳው የተሠራው ለምን እንደነበር ይረሳል።

ቤተልሔም የድጓ ምስክር ቤት ናት። ለማያውቁ አንባቢዎቼ ባጭሩ ላስረዳ። ድጓ የዓመቱን በዓላት ሁሉ የሚያዳርስ፣ በቅዱስ ያሬድ ስም የሚጠራ የዜማ መጽሐፍ ነው። በግዕዝ፣ በዕዝልና በአራራይ ይዜማል። የዜማውን አካሄድ የሚያመለክቱት ከቃላቱ በላይ የሚጻፉ ምልክቶች ናቸው፤ ድፋት፣ ሂደት፣ ቅናት፣ ይዘት፣ ቁርጥ፣ ጭረት፣ ርክርክ፣ ደረት እያሉ ይቆጠራሉ፤ ከነዚህም ሌላ በመቶ የሚቆጠሩ የፊደል ምልክቶች አሉ። ትውፊቱ ይህን የምልክት ሥርዓት በአፄ ገላውዴዎስ ዘመን ለተነሡት ለአዛዥ ጌራና ለአዛዥ ራጉኤል ይሰጣል። ጊዜው የግራኝ አህመድ ጦርነት ማግሥት ነው፤ መጻሕፍት ተቃጥለዋል፣ ሊቃውንት አልቀዋል። የድምፅ ምልክት የተፈለገው ሽማግሌዎቹ ስለሞቱ ነው ማለት ይቻላል። የተረፈው እንዳይጠፋ ድምፁን ብራና ላይ አሰሩት።

ነገር ግን ብራናው ብቻውን አይናገርም። ምልክቱ የሚያስታውሰው የሚያውቀውን ሰው ነው፤ ለማያውቀው ዲዳ ነው። ስለዚህ ተማሪው ከመምህሩ አፍ ይቀበላል፤ ድጓውን በገዛ እጁ ይጽፋል፤ ዓመታት ይፈጃል። በመጨረሻ ቤተልሔም ሄዶ ያዜማል፤ ይታረማል፤ መጽሐፉም ዜማውም ከተስተካከለ በኋላ ይመሰከርለታል። የዜማው ስልቶች ብዙ ነበሩ፤ ቤተልሔም፣ ቆማ፣ አጫብርና ተጉለት የሚባሉ ቤቶች አሉ፤ ዛሬ በስፋት የሚሰማው ግን የቤተልሔሙ ነው። ለዝማሬና ለመዋሥዕት ደግሞ ምስክሩ እዚያው አገር ዙር አምባ ነው፤ ትውፊት ቅዱስ ያሬድ ራሱ የደረሰበት ቦታ ነው ይለዋል።

እዚህ ላይ የባለቤትነትን ነገር እንመርምር። የቤተልሔሙ መምህር ዜማውን «የኔ ነው» አይሉም። ቢሉ ነውር ነው፤ ዜማው የያሬድ ነው፤ ያሬድም ከሰማይ ሰማሁት ብሏል። ታዲያ የእሳቸው ምንድን ነው? ምስክርነቱ። «ይህ ልክ ነው፤ ይህ ስሕተት ነው» የማለት ሥልጣን። ይህ ሥልጣን በዕድሜ አይቀንስም፤ ይጨምራል። ዓይናቸው ሲደክም መጽሐፉን ተማሪ ይይዛል፤ መምህሩ በቃላቸው ያርማሉ። በ«ሶፕዮንጄ» ያየነው ዓይነ ስውርነት በግፍ የመጣ ነው፤ በእኛ የአብነት ቤቶች ግን ዓይነ ስውር መምህር ብርቅ አይደለም፤ ሰውም በዓይኑ ማጣት አያዝንላቸውም፤ ጆሯቸውን ይፈራል። ዘመናዊው ዓለም ጥበበኛን ከድካሙ ጋር ወደ ዳር ሲገፋው፣ የድጓ ቤት ከድካሙ ጋር ወደ መካከል ያመጣዋል። ይህን የመሰለ የእርጅና ክብር በሌላ ሙያ ውስጥ አላየሁም፤ በኛ ዩኒቨርሲቲዎች ውስጥ እንዲያውም የለም።

ቅኔ ደግሞ ሌላ ዓይነት ሕግ አለው። የዜማ ተማሪ ባይጨምር ባይቀንስ ይመሰገናል፤ የቅኔ ተማሪ የሌላውን ቢደግም ያፍራል። ቅኔ ለዕለቱ ተፈጥሮ ለዕለቱ የሚቀርብ ነው፤ ትናንት የተባለውን ዛሬ የራስ አድርጎ ማቅረብ የሊቃውንትን ሣቅ ያስከትላል። እዚህ ላይ የቋንቋችን ተንኮል አለ። ቅኔ በድንገት የመቀኘትን ችሎታ የምንጠራው «ዘረፋ» ብለን ነው፤ ጎበዙ «ቅኔ ዘራፊ» ይባላል። መፍጠርንና መቀማትን በአንድ ቃል የጠራ ሕዝብ ስለ ጥበብ ባለቤትነት የዋህ ነበር ማለት አይቻልም። የአዝማሪውም እንዲሁ ነው፤ ግጥሙን የሚሰጠው ታዳሚው፣ የሚያዜመው አዝማሪው፣ የሚታወሰው ደግሞ ብዙ ጊዜ የተሞገሰው ወይም የተሰደበው ሰው ነው። ሦስቱም ድርሻ አላቸው። ማንም ግን ወደ ዳኛ አይሄድም።

እስካሁን የተናገርኩት ውዳሴ ይመስላል። አይደለም። ይህ ሥርዓት የቆመው በአየር ላይ አልነበረም፤ በመሬት ላይ ነበር። በበጌምድር ሪም የሚባል የመሬት ይዞታ ነበር፤ ለቤተ ክርስቲያን አገልግሎት የተሰጠ። መሬቱን የያዘ ሰው ራሱ ያገለግላል፤ አለዚያ በምትኩ የሚያገለግል ያቆማል። በዚህ መንገድ ዜማ እንደ ርስት ባይያዝም ዜመኛው ርስት ነበረው፤ ሲያረጅም ከመሬቱ ይበላል። ሥርዓቱን ግን ገነት አድርገን አንሣለው። ዶናልድ ክረሚ የተባሉት የታሪክ ምሁር የጎንደርን የመሬት ሰነዶች ሲያጠኑ እንዳሳዩት ብዙውን ሪም የያዙት መቋሚያ ጨብጠው የማያውቁ መኳንንትና ወይዛዝርት ነበሩ። ገበሬው ያርሳል፣ ባለ ሪሙ ይበላል፣ ደብተራው የተረፈውን ይቀበላል። ይህ መፍረስ ነበረበት።

ፈረሰም። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው አዋጅ ቁጥር 31 የገጠር መሬትን ሁሉ የሕዝብ ንብረት አደረገ። አዋጁን ያየሁበት ዓይን የኃይሌ ገሪማ ፊልም ዓይን ነው ብል አልዋሽም። የጎንደሩ ልጅ፣ የ«ጎንደሬ በጋሻው» ደራሲ የገሪማ ታፈረ ልጅ ኃይሌ፣ «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» የሚለውን ፊልም የቀረጸው ልክ በ1966 ዓ.ም. ነው፤ ለዕረፍት ከአሜሪካ መጥቶ፣ በሁለት ሳምንት ገደማ፣ በጥቁርና ነጭ። ፊልሙ ባለመሬቱንና ጭሰኛውን ፊት ለፊት ያቆማል፤ ያንን ያየ ሰው አዋጁን ተገቢ አይደለም ለማለት ይቸግረዋል። እኔም አልልም። የምለው ሌላ ነው፤ አዋጁ ጭሰኛውን ነጻ ሲያወጣ፣ በዚያው ብዕር የአረጀውን የድጓ መምህር ቀለብ ሰረዘ፤ በምትኩ ምን ይብላ ብሎ የጠየቀ ግን በወቅቱ አልነበረም። አብዮተኛው «ፊውዳል» አለው፤ ቤተ ክህነቱ አንገቱን ደፋ፤ መምህሩ ወደ መንደርተኛው ምጽዋት ወረዱ። የቆሎ ተማሪ መለመኑ የትምህርቱ አካል ነው፤ ትሕትና ይማርበታል። የ70 ዓመት መምህር መለመን ግን የምንም ትምህርት አካል አይደለም።

የመሬቱ ርስት ከጠፋ ከሦስት አሥርት ዓመታት ግድም በኋላ ሌላ ርስት ታወጀ፤ የአእምሮ ንብረት። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ከአንቀጽ 1647 ጀምሮ ስለ ድርሰትና ኪነ ጥበብ ሀብት የተደነገገ ነበር፤ በ1996 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 410 ግን ጉዳዩን ራሱን የቻለ ሕግ አደረገው። ለሙዚቀኞቻችንና ለፊልም ሠሪዎቻችን በእርግጥ ታላቅ እርምጃ ነበር። አንድ ሥራ ጥበቃ የሚያገኘው ወጥ ሲሆንና በሆነ ነገር ላይ ሲቀረጽ ነው፤ የኢኮኖሚ መብቱም አመንጪው በሕይወት እስካለ፣ ከሞተም በኋላ ለ50 ዓመት ይቆያል። በ2007 ዓ.ም. በወጣው ማሻሻያ ደግሞ ሮያልቲ በጋራ የሚሰበሰብበት መንገድ ተከፈተ።

አሁን የቤተልሔሙን መምህር በዚህ ሕግ ፊት እናቁማቸው። ሥራዎ ወጥ ነው? አይደለም፤ ክብራቸው ያለው ወጥ ባለመሆኑ ነው። ተቀርጿል? በተማሪዎቻቸው አእምሮ ውስጥ ብቻ። አመንጪው ማን ነው? ያሬድ። ከሞተ ስንት ዓመቱ? ከ50 ይበልጣል። ሕጉ ከዋኝ ለሚለው ሰውም መብት ይሰጣል፤ አይሰጥም ብዬ አልዋሽም። ግን ያ መብት የሚነቃው መቅረጫ ይዞ የመጣ ሰው ሲኖር ነው፤ መቅረጫውን የያዘው ሰው ደግሞ የራሱ የአሳታሚነት መብት አለው፤ ውል ማርቀቅም፣ ገበያም ያውቃል። ከሁለቱ ማን እንደሚያተርፍ ለመገመት ሊቅ መሆን አያስፈልግም። እንግዲህ የ1967ቱ አዋጅ መምህሩን በአሮጌው ርስት በኩል አገኛቸውና ነቀላቸው፤ የ1996ቱ በአዲሱ ርስት በኩል ሲያልፍ አላያቸውም። ሁለቱን ያወጡት መንግሥታት በርዕዮተ ዓለም የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ፤ በዚህ አንድ ነገር ግን ተስማምተዋል።

ባለቤትነት ለአረጀ ጥበበኛ ምን ያህል እንደሚጠቅም ለማየት አሁንም ኃይሌ ገሪማን ማየት ይበቃል። «ሳንኮፋ»ን እ.ኤ.አ. በ1993 ሲጨርስ የአሜሪካ አከፋፋዮች አልፈለጉትም። እሱና ባለቤቱ ሺሪኪያና አይና ሲኒማ ቤት እየተከራዩ፣ ከከተማ ከተማ እየዞሩ ራሳቸው አሳዩት። ፊልሙን አልሸጠውም። በ2008 «ጤዛ» በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት ሲያገኝም መንገዱን አልለወጠም። «ሳንኮፋ» በ2021 ታድሶ በኔትፍሊክስ ለዓለም ሲቀርብ ኃይሌ 75 ዓመቱ ነበር፤ ለውይይት የተቀመጠው እንደ ባለንብረት እንጂ እንደ ጡረተኛ አልነበረም። ይህ የሚያስቀና ነው። ግን መንገዱ የሚሠራው የሚሸጥም፣ የማይሸጥም ነገር ላለው ሰው ነው። ድጓን እንዲህ ይዞ መደራደር አይቻልም፤ ቢቻልም ድጓነቱ ያኔ ያበቃል።

ስለዚህ ለእኛ የሚቀርበው የኮሪያው «ያዥ» ይመስለኛል። ኮሪያውያን ራሳቸው እንደሚተቹት ያ ሕግ እንከን አለበት፤ መንግሥት አንዱን ቤት መርጦ ሲመዘግብ የቀሩት ቤቶች ይደበዝዛሉ፤ የሚለዋወጥ ጥበብም እንደ ሙዚየም ዕቃ ይደርቃል። በእኛ አገር ሹመት በምን እንደሚሰጥ ለምናውቅ ሰዎች ስጋቱ ከዚህም ይከፋል፤ ነገ የቤተልሔም መምህር በካድሬ ምዘና ሊሾም ይችላል። በድጓው ጉዳይ ግን ለዚህ መድኃኒቱ አስቀድሞ አለ፤ ማን ሊቅ እንደሆነ የሚለየው የምስክር ሥርዓት ከማንኛውም ሚኒስቴር በፊት የነበረ ነው። መንግሥት መምረጥ የለበትም፤ የተመረጡትን መቀለብ ብቻ ነው ያለበት። ቤተ ክህነትም ቢሆን፣ በየከተማው የሚያስነሣውን ሕንፃ ለሚያይ ሰው፣ ገንዘብ የለኝም ብሎ ሊምል አይገባውም።

ጊዜው ደግሞ አይጠብቅም። በነሐሴ 2013 ዓ.ም. ጦርነቱ ነፋስ መውጫን ረግጧታል። ያ ጋብ ሳይል ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ በክልሉ የተቀሰቀሰው ግጭት መንገዱን ሁሉ አስፈሪ አደረገው። የአብነት ትምህርት ደግሞ የእግር ትምህርት ነው። ለቅኔ ወደ ጎጃም፣ ለድጓ ወደ ጋይንት፣ ለአቋቋም ወደ ጎንደርና ደብረ ታቦር የማይራመድ ተማሪ አይጨርስም። ከስማዳ ወይም ከእስቴ የተነሣ ወጣት ዛሬ መንገድ ላይ አኩፋዳ ይዞ ቢታይ የሚያስቆመው የታጠቀ ሰው ከየትኛው ወገን ነህ ይለዋል እንጂ ምን ትማራለህ አይለውም። በሁለት ዘመን አዋጆች ቀለብ ያጡት መምህር አሁን ተማሪም ሊያጡ ነው። ተማሪ የሌለው ምስክር ደግሞ ማንን ይመሰክራል?

የዛሬው የኮሪያ አበል እንዴት እንደተጀመረ ማወቅ እዚህ ላይ ይጠቅማል። ነገሩን የለኮሰው ሚኒስትር ወይም ኮሚቴ ብቻ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1960 ዬ ዮንግሄ የተባለ የሀንኩክ ኢልቦ ጋዜጠኛ በየአገሩ የቀሩትን አሮጌ ጥበበኞች እየፈለገ፣ ቤታቸው ድረስ እየሄደ በጋዜጣው ላይ በተከታታይ መጻፍ ጀመረ። «ሰው የሆነ ቅርስ» የሚለውን ስም የሰጣቸው እሱ ነው። ጦርነቱ ከቆመ ገና ሰባት ዓመቱ ነበር፤ አገሪቱም ድሀ ነበረች። ጽሑፎቹ በ1963 በመጽሐፍ ወጡ።